ለረዳት ተዋናይት መድረክ ይሻላል ወይስ ካሜራ?

ጅማ፣ ፈረንጅ አራዳ ቡና እየጠጣን ከእህቴ ልጅ ጋር የተከራከርነው በዚሁ ነው። እሷ ፊልም ትላለች። እኔ መጀመሪያ መድረክ ባይ ነኝ።

መድረክ ላይ ጎረቤትም ሁኚ ሠራተኛ፣ ሁለት ዓረፍተ ነገር ብቻ ይኑርሽ፣ ዋናዋ ስትናገር አንቺም ከነሙሉ ሰውነትሽ እዚያው ነሽ፤ ተመልካቹ ዓይኑን ወዳንቺ ካዞረ ቆርጦ የሚጥልሽ ኤዲተር የለም። ሳቁንም ዝምታውንም ወዲያው ታገኚዋለሽ። የተበላሸውን በሚቀጥለው ትርኢት ታስተካክያለሽ። ድምፅሽ ግን የኋላ ወንበር መድረስ አለበት፣ ልምምዱም ያደክማል (ክፍያውንማ ተዪው)።

ፊልም ሌላ ነው። የመጨረሻው ትዕይንት መጀመሪያ ሊቀረጽ ይችላል፤ ስሜቱን ከየትም ብለሽ ታመጫለሽ። ካሜራው ቅርብ ስለሆነ ቅንድብ ማንሳት ይበቃል። ፊትሽም ቶሎ ይታወቃል፤ ቤተሰብ ጅማ ቁጭ ብሎ ያይሻል።

ርቀቱ ግን ሁለቱንም ይነካል። በ1927 ዓ.ም. የተመሠረተው አገር ፍቅርም፣ በ1948 የተከፈተው ብሔራዊ ቲያትርም ያሉት አዲስ አበባ ነው፣ 350 ኪሎ ሜትር ገደማ። ፊልሙም በብዛት የሚሠራው እዚያው ነው። እዚህ ሆኖ በትንሽ መድረክ መለማመድ ግን ይቻላል። እሷ ደግሞ ስልኳን አውጥታ «ካሜራውም ይኸው» አለችኝ።