«ሃይራት» ወይስ «ፋያ ዳዪ»፦ የጄሲካ በሽርን የትኛውን እናስቀድም?

የፊልም ዳይሬክተሯ ጄሲካ በሽር አባቷ ኢትዮጵያዊ፣ እናቷ ሜክሲኳዊት ናቸው፤ ያደገችው ሐረር ነው። እነዚህ ሁለት ፊልሞቿ ጥቁርና ነጭ ናቸው፤ ሐረርም የሁለቱም መነሻ ናት።

«ሃይራት» (2017) የደቂቃዎች ሥራ ነው፦ ዩሱፍ ሙሜ ሳሌህ በሌሊት ጅቦችን ያበላል፣ አለቀ። ውብ ነው፤ ዳሩ ግን የሐረርን ጅብ ቱሪስቱ ሁሉ ቀርጾታል።

«ፋያ ዳዪ» (2021) ሁለት ሰዓት ገደማ ይፈጃል። ጫቱ ይቆረጣል፣ እጆች በጥድፊያ ይለቅሙታል፣ ያስሩታል፤ ሳይጠወልግ ገበያ መድረስ አለበት። በዚህ ሁሉ መሃል አገር ጥሎ መውጣት የሚያልም ልጅ አለ። ኦሮምኛ፣ ሐረሪና አማርኛ ይፈራረቁበታል። በልጅነት የሚያውቁትን ቀዬ ርቀው ኖረው ሲመለሱ የሚታየው እንዲህ ነው፤ ስለዚህ እኔ ረጅሙን አስቀድማለሁ። ታሪኩ ቶሎ እንዲገሰግስለት የሚፈልግ ተመልካች ግን ይሰለቻል፤ እሱ ከአጭሩ ቢጀምር ይሻለዋል።