ሆምላንድ ወይስ ዘ አሜሪካንስ? ፍላሽ ከመግዛታችሁ በፊት

የስለላ ድራማ ማየት ያማራቸው ጓደኞቼ ደጋግመው ይጠይቁኛል፤ ሆምላንድን እናስጭን ወይስ ዘ አሜሪካንስን? ያለማመንታት ዘ አሜሪካንስ እላለሁ።

መጀመሪያ ሂሳቡ። ዘ አሜሪካንስ 6 ሲዝን፣ 75 ክፍል ነው። አንዱን ክፍል በ300 ሜጋባይት ብናስበው 22.5 ጊጋባይት ይመጣል። ባለ 32 ፍላሽ ይበቃዋል። ሆምላንድ ግን 8 ሲዝን፣ 96 ክፍል ነው። ክፍሎቹም ረዘም ስለሚሉ በ350 ያዙት፤ 33.6 ደረሰ። ባለ 64 ልትገዙ ነው ማለት ነው። ባለ 64 ላይ ደግሞ ፎርጅድ አለ። ኮምፒውተር ላይ 64 ብሎ ያሳያል፤ የእውነት የሚይዘው ግን 8 ወይም 16 ነው። ሁሉም የተጫነ ይመስላል፤ ቤት ገብታችሁ ስትከፍቱት ከመሃል ጀምሮ እምቢ ይላል። ዋጋው ከሌሎቹ በጣም ከረከሰ አትንኩት።

የሆምላንድ የመጀመሪያው ሲዝን ልብ ሰቃይ ነው። 12 ክፍል ስለሆነ እሱን ብቻ ማስጫን አያስቆጭም። ዋናዋ ገጸ ባህሪ፣ የሲአይኤ (የአሜሪካ የስለላ ድርጅት) ሰላይዋ ኬሪም፣ ለሥራዋ ስትል ጤናዋን፣ ልጇንም ሳይቀር ትከፍላለች። እኔን የሚያናድደኝ በእሷ ምክንያት የሚጎዳው ሌላው ሰው ቶሎ መረሳቱ ነው። አራተኛው ሲዝን ላይ አታልላ የተጠቀመችበትን ፓኪስታናዊ ተማሪ እዩት።

ዘ አሜሪካንስ ተጎጂውን ፊት ለፊት ያስቀምጥላችኋል። ደራሲው ጆ ዋይስበርግ ራሱ ሲአይኤ ውስጥ የሠራ ሰው ነው። ታሪኩ አሜሪካዊ መስለው የሚኖሩ የሶቪየት ሰላይ ባልና ሚስት፣ የፊሊፕና የኤሊዛቤት ነው። ሦስተኛው ሲዝን ላይ ኤሊዛቤት በሌሊት ጥገና ቤት ውስጥ ቤቲ የምትባል አሮጊት ታገኛለች። አሮጊቷ ፊቷን ስላየችው ኤሊዛቤት በሕይወት ልትተዋት አትችልም። አጠገቧ ተቀምጣ ስለ ሟች ባሏ ታስወራታለች፤ እያስወራች የአሮጊቷን የራሷን የልብ መድኃኒት ፍሬ በፍሬ ታስውጣታለች። አሮጊቷም የሚደረግባትን አውቃ፣ ኤሊዛቤት ይህን የማደርገው ዓለም የተሻለች እንድትሆን ነው ስትላት፣ ክፉ ሰዎች እንዲህ እያሉ ነው ራሳቸውን የሚያሳምኑት ትላታለች። ከዚያ በኋላ ኤሊዛቤትን ሙሉ በሙሉ መጥላትም መውደድም አቃተኝ። ፊሊፕ በሐሰት ስም ያገባትን የኤፍቢአይ ጸሐፊ፣ ማርታን፣ ራሳችሁ ድረሱባት።

አንድ ነገር ግን ተጠንቀቁ። የሶቪየት ኤምባሲው ሰዎች እርስ በርስ የሚያወሩት በሩሲያኛ ነው። ሰብታይትሉ የተቆረጠ ቅጂ ከደረሳችሁ የኤምባሲው ሠራተኛ የኒና ታሪክ ገደል ገባ። ከመክፈላችሁ በፊት የኤምባሲውን ትዕይንት አስከፍታችሁ እዩ። ጽሑፉ ካልወጣ ሌላ ቅጂ እስኪያመጡላችሁ ሳንቲም አታውጡ።