የኪዮኩሽን ካራቴ ክላስ፦ ስድስት ወር ከተደበደብኩ በኋላ
ስድስት ወር ሙሉ ስለተደበደብኩ አስተያየት የመስጠት መብት አለኝ ሃሃ። ኪዮኩሽን ማስ ኦያማ የመሰረተው፣ ያለ ጓንት ከምር የምትመታቱበት ካራቴ ነው፣ ፊትን በቡጢ መምታት ክልክል ነው በእግር ግን ጭንቅላትም ይመታል፣ እኔን የጨረሰኝ ግን ጭን ላይ የሚያርፈው ሎው ኪክ ነው፣ ደረጃ መውረድ አቅቶኝ በቂጤ እየተንፏቀቅኩ የወረድኩበት ቀን አለ። ደስ ያለኝ አሰልጣኙ አይጮህም፣ ወለሉን ራሱ ከኛ ጋር ይወለውላል፣ የመታህን ሰው ደሞ ጎንበስ ብለህ "ኦስ" (የአክብሮት ሰላምታ ነው) ትለዋለህ፣ መጀመሪያ ድራማ መስሎኝ ነበር አሁን ግን ንዴቴን የሚያበርደው እሱ ነው። ቅር ያለኝ ጀማሪን ከጥቁር ቀበቶ ጋር ቶሎ ማጋጠማቸው፣ ካታ (ብቻህን በቅደም ተከተል የምትሰራው የእንቅስቃሴ ልምምድ) ላይም ብዙ ጊዜ አይሰጡም። ለፎቶ ቀበቶ የምትፈልጉ ይቅርባችሁ፣ እኔ ራሱ ገና ነጭ ቀበቶ ላይ ነኝ።