የዓለም አቀፉ የትግል ፌዴሬሽን የዩቲዩብ ቪዲዮዎች፦ የአሚርሆሴን ዛሬዕን ጉዞ ለማወቅ ይበቃሉ?

የዓለም አቀፉ የትግል ፌዴሬሽን በዩቲዩብ በነፃ የሚያቀርባቸውን ቪዲዮዎች እዚህ የምመዝነው በአንድ ሰው የውድድር ሕይወት፣ ማለትም በ125 ኪሎ ግራም የነፃ ትግል የዓለም ሻምፒዮን በሆነው ኢራናዊው አሚርሆሴን ዛሬዕ ነው። በ2001 እ.ኤ.አ. የተወለደው አሚርሆሴን ከካስፒያን ባሕር በስተደቡብ በምትገኘው በማዛንዳራን፣ በአሞል ከተማ የወጣ ሲሆን፣ አካባቢው የኦሎምፒክ ባለ ወርቁን ሐሰን ያዝዳኒንም ያፈራ የትግል ምድር ነው።

የአገልግሎቱ ትልቁ ሀብት የፍጻሜ ግጥሚያዎችን ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ ማሳየቱ ነው። በ2021 ኦስሎ ላይ ይህ የ20 ዓመት ወጣት ከ2017 እስከ 2019 ሦስት ጊዜ በተከታታይ የዓለም ሻምፒዮን የነበረውን ጆርጂያዊ ጌኖ ፔትሪያሽቪሊን አሸንፎ ወርቅ ወሰደ። በ2023 ቤልግሬድ ላይ ያንኑ ሰው 11 ለ 0 ረታው፤ በነፃ ትግል የ10 ነጥብ ልዩነት ግጥሚያውን ስለሚያስቆም ስድስቱ ደቂቃ መሙላት አላስፈለገውም። ሁለቱን ፍጻሜዎች አከታትሎ የተመለከተ ሰው በከባድ ሚዛን ጉልበት ብቻውን እንደማይበቃ፣ ፍጥነትና ትዕግሥት ምን ያህል እንደሚወስኑ በዓይኑ ያያል፤ እኔም ከሁሉ አብልጬ የምወዳቸው እነዚህን ነው።

ይሁን እንጂ የኦሎምፒክ ምስሎች መብት የዓለም አቀፉ ኦሎምፒክ ኮሚቴ በመሆኑ፣ የታሪኩ መራራ ክፍል የሚገኘው በሌላ ቦታ ነው። በቶኪዮ ግማሽ ፍጻሜ ፔትሪያሽቪሊ አሸነፈውና አሚርሆሴን በነሐስ ተመለሰ፤ በ2024 ደግሞ በፓሪሱ ፍጻሜ በዚያው ተፋላሚ 10 ለ 9 ተረትቶ ወርቁ በአንድ ነጥብ አመለጠው። ስለዚህ ኦስሎንና ቤልግሬድን ብቻ የተመለከተ ሰው የሁለቱን ፉክክር የአንድ ወገን የበላይነት አድርጎ ሊረዳው ይችላል፤ ይህም ለፔትሪያሽቪሊ ትልቅ በደል ነው።

ማብራሪያው በእንግሊዝኛ ስለሆነ፣ ለስፖርቱ አዲስ የሆነ ተመልካች ጥቂት ሕጎችን አስቀድሞ ቢያውቅ ይጠቀማል፦ ባላጋራን ወደ ምንጣፉ ጥሎ መቆጣጠር 2 ነጥብ፣ ከክልሉ ማስወጣት 1 ነጥብ ያስገኛል።

ለስፖርቱ አፍቃሪ አገልግሎቱን ያለ ማመንታት እመክራለሁ። ከቶኪዮ ጀምሮ በኦስሎ በኩል ወደ ቤልግሬድና ወደ ፓሪስ ቢሻገር፣ አሚርሆሴን በ2025 ዛግሬብ ላይ እንደገና የዓለም ሻምፒዮን ሲሆን ያ ወርቅ ምን ያህል እንደከበደ ይገባዋል።