በሜክሲኮ ሲቲ እናቴን በጾሟ ላበላችልኝ አስጎብኚ

እናቴ የሐዋርያትን ጾም ትጾማለች። ይህን አስቀድሜ ልናገር፤ ምስጋናዬ ሁሉ የሚነሳው ከዚህ ነው።

በሰኔ መጨረሻ እኔና እማዬ ከሜሪላንድ ተነስተን ለአንድ ሳምንት ሜክሲኮ ሲቲ ሄድን። አየሩ ተስማማን። ከተማው ከባሕር ወለል 2,240 ሜትር ገደማ ከፍ ያለ ነው። ሰኔም እዚያ እንደኛው ክረምት ነው፤ ጠዋት ፀሐይ፣ ከሰዓት ደመና፣ አመሻሽ ላይ ዝናብ። እማዬ ከአውሮፕላን ማረፊያው ወጥታ ገና ነፋሱ ፊቷን ሲነካት «የአዲስ አበባ አየር ነው» አለች።

ምግቡ ግን ፈተና ሆነብን። ሁለታችንም አሳማ አንበላም። እማዬ ደግሞ በጾሟ ሥጋ፣ ወተት፣ አይብ፣ እንቁላል አትቀምስም። በመጀመሪያው ቀን ካረፍንበት አጠገብ ያለ አንድ ምግብ ቤት ገብተን ቦሎቄ አዘዝንላት። ሥጋ እንደሌለው አስተናጋጁን ሁለት ጊዜ ጠየቅኩት። «የለውም» አለ። በአሳማ ስብ የተጠበሰ መሆኑን ከጎናችን የተቀመጡ ሴትዮ የነገሩን ግማሹን ከበላች በኋላ ነው። እዚያ አገር ቦሎቄ በአሳማ ስብ መጥበስ የተለመደ ነው። ለነሱ ስቡ እንደ ዘይት ነው፣ ከሥጋ አይቆጠርም። ስለዚህ ልጁ ዋሸ አልልም። እማዬ ግን ማንኪያዋን አስቀመጠች። እስከ ማታ ድረስም ብዙ አላወራችም። በማግስቱ ሙዝና ማንጎ ብቻ በላች።

ከመሄዳችን በፊት የያዝኩት አንድ የምሽት ጉዞ ነበር። በእግር እየዞሩ የመንገድ ዳር ምግብ መቅመስ ነው። ልሰርዘው አሰብኩ። ለማንኛውም ብዬ ለአስጎብኚዋ ሁኔታችንን ጻፍኩላት። የጠበቅኩት መልስ «ችግር የለም» የሚል ነበር። እሷ ግን በጥያቄ መለሰችልኝ። ስብ የገባበት ሊጥስ? ሥጋ በተጠበሰበት ምጣድ ላይ የተጋገረ ነገር እናትሽ ትበላለች? ዓሣስ ይቻላል? (ዓሣውን እኛም ቤት እንከራከርበታለን።) ሁሉንም መለስኩላት። በማግስቱ ማታ እንዲህ የሚል መልእክት ላከችልኝ፦ «ዛሬ ዞሬ እያንዳንዱን ሻጭ ጠየቅኩ። ከሰባቱ ቦታዎች ሁለቱን ቀይሬያለሁ።»

ለማታውቃት ሴት ጾም ብላ አንድ ምሽቷን ሙሉ ሰጠች። ማንም አልጠየቃትም፣ ማንም አልከፈላትም። ይህን ጽሑፍ የምጽፈው ከሁሉ በላይ ለዚያች ምሽት ነው።

ኢትዮጵያውያን መሆናችንን ስታውቅ የመገናኛ ቦታውንም ቀየረችው። «በሦስተኛው መስመር ባቡር ኑ። ኤቲዮፒያ የሚባለው ጣቢያ ውረዱ» አለች። የስልኬን ስክሪን ደግሜ ደጋግሜ አየሁት። እውነትም አለ። ጣቢያው የተከፈተው በ1980 እ.ኤ.አ. ነው። እዚያ አገር እያንዳንዱ የባቡር ጣቢያ የራሱ ሥዕል አለው። የኛ ጣቢያ ሥዕል የአንበሳ ራስ ነው።

ታሪኩን የነገረችን ከጣቢያው ስንወጣ ሳይሆን እዚያው ምልክቱ ሥር ቆመን ነው። ስሙ የመጣው በአቅራቢያው ከነበረው የኢትዮጵያ አደባባይ ነው። ጣሊያን በ1928 ዓ.ም. አገራችንን የራሴ አድርጌያለሁ ስትል፣ አንቀበልም ካሉት ጥቂት መንግሥታት አንዱ የሜክሲኮ ነበር። ጃንሆይም በ1946 ዓ.ም. ሜክሲኮን ጎብኝተዋል። የአዲስ አበባው ሜክሲኮ አደባባይ ስሙን ያገኘው ከዚሁ ወዳጅነት ነው። እማዬ ጡረታ እስክትወጣ ድረስ የሠራችው ሜክሲኮ አካባቢ ነው። «ሜክሲኮ፣ ሜክሲኮ!» የሚል የወያላ ጩኸት ሃያ ምናምን ዓመት ሰምታለች። የአንበሳውን ምልክት በመዳፏ ዳሰሰችው። ከዚያ ነጠላዋን አስተካከለችና ፎቶ አንሺኝ አለች። የሥራ መውጫ ሰዓት ስለነበር ሰው ይጋፋል። አስጎብኚያችን ከኋላችን ቆማ መንገደኛውን በእጇ እያሳለፈች ጠበቀችን። አንዴም ሰዓቷን አላየችም።

ሰፈሩ ናርቫርቴ ይባላል። ጎዳናዎቹ የጥንት ከተሞችን ስም የያዙ ናቸው፦ ኡሽማል፣ ፓሌንኬ፣ ሚትላ። ለቱሪስት ተብሎ የተሠራ ሰፈር አይደለም። ከሥራ የሚመለስ ሰው ቦርሳውን እንዳንጠለጠለ ቆሞ ታኮ (በትንሽ ቂጣ ላይ ሥጋ ወይም ሌላ ነገር ተደርጎ የሚበላ) የሚበላበት ነው። ሜክሲኮ ሲቲ ውስጥ በታኮ ስማቸው ከሚነሳ ሰፈሮች አንዱ ነው።

መጀመሪያ የወሰደችን አንዲት እናት ጥግ ላይ ተቀምጠው ትላኮዮ የሚጋግሩበት ነው። ይህን ቀስ ብዬ ልንገራችሁ። በቆሎው መጀመሪያ በኖራ ውሃ ይቀቀላል፣ ያድራል፣ ታጥቦ ይፈጫል። ሰማያዊ በቆሎ ስለሆነ ሊጡ ግራጫ ነገር ነው። ሴትዮዋ ከሊጡ ቆንጠር አድርገው በመዳፋቸው ይዘረጉታል፣ መሐሉ ላይ የተፈጨ ባቄላ ያደርጋሉ፣ ይጠቀልሉታል፣ እንደገና ጠፍጠፍ ጠፍጠፍ አድርገው ሞላላ ያደርጉታል። ከዚያ ምጣድ ላይ ነው። ዘይት የለ፣ ስብ የለ። ሲበስል የተከተፈ የቁልቋል ቅጠል፣ ሽንኩርትና አረንጓዴ ዳጣ ከላዩ ይደረግበታል። አብዛኛው ሰው አይብም ያስጨምራል። ሴትዮዋ ግን ገና ስንደርስ እማዬን አይተው አይቡን ራቅ አድርገው አስቀመጡት። ተነግሯቸዋል።

እማዬ ምጣዱን አየች፣ የሴትዮዋን እጅ አየች። «ባቄላ ነው?» አለችኝ። ባቄላ ነው አልኳት። አማትባ ቆረሰች። ከሦስት ቀን በኋላ የመጀመሪያው ትኩስ ምግቧ ነበር። ሁለተኛውን ራሷ በጣቷ ጠቁማ አዘዘች። ቅጠሉ የበለስ መሆኑን ስትሰማ ደግሞ «እኛ ፍሬውን ብቻ በልተን ይህን ለከብት ሰጠነው» ብላ ተቆጨች። በለስም፣ በቆሎም፣ የበርበሬያችን ዘርም መነሻው ከዚያ አገር መሆኑን አስጎብኚዋ ስትነግረን እማዬ በርበሬው ላይ አላመነችም። እስከ ዛሬም አላመነችም።

የሚቀጥለው ቦታ ለዓይን ብቻ ነበር። አል ፓስቶር የሚባለው ታኮ ነው። ሥጋው በቀጭን በቀጭኑ ተቆርጦ በቅመም ከተዘፈዘፈ በኋላ ቀጥ ባለ ብረት ላይ ተደርድሮ በእሳት ፊት ይሽከረከራል። ከአናቱ አናናስ አለ። ሻዋርማ የሚያውቅ ሰው ወዲያው ይለየዋል። አመጣጡም ከዚያው ነው፤ የሊባኖስ ስደተኞች ይዘውት የመጡ አሠራር ነው። ሥጋው ግን አሳማ ሆነ። «ይህን መብላት አትችሉም። ሳታዩት ብትሄዱ ግን ቅር ይለኛል» አለችን። ባለሙያው በቢላዋ ጫፍ አናናሱን ቆርጦ ወደ ላይ ሲያጉነው በሌላ እጁ በያዘው ታኮ ቀለበው። እማዬ አጨበጨበች። እሱም ጎንበስ ብሎ እጅ ነሳት። ሳንበላ ስለቆምን ደግሞ አስጎብኚዋ ለራሷ ሁለት አዝዛ ከፈለች። የሰው ቦታ በነጻ አይያዝም ባይ ናት።

እኔ ሥጋ የበላሁት ቀጥሎ ባለው ከሰል ላይ ነው። የከብት ሥጋ ብቻ የሚጠበስበት ነው። እዚህ ላይ አሳማ ለማትበሉ ሁሉ የሚጠቅም ነገር ነግራኛለች። ሱዋዴሮ የሚባል ታኮ አለ። የከብት ነው ይሏችኋል፣ እውነትም የከብት ነው። ብዙ ቦታ ግን ከአሳማ ቋሊማ ጋር በአንድ ምጣድ፣ በአንድ ስብ ነው የሚበስለው። የሥጋውን ዓይነት ጠይቆ ማቆም አይበቃም፣ በምን እንደተጠበሰ ነው የሚጠየቀው። የመጀመሪያ ቀን ይህን ባውቅ ኖሮ እማዬ ያን ቦሎቄ አትቀምሰውም ነበር።

ባለታኮዎቹ ዘንድ ደስ ያለኝን ልጨምር። ሳህኑን ፌስታል ያለብሱታል። አንዱ ሲጨርስ ፌስታሉ ተጥሎ ሌላ ይለብሳል። ገንዘብ የሚነካው እጅ ምግብ አይነካም። ክፍያው መጨረሻ ላይ ነው፤ ስንት እንደበላችሁ ራሳችሁ ትናገራላችሁ፣ ሰውየው ያምናል። አጠገባችሁ የሚበላ የማታውቁት ሰው ሲሄድ «ፕሮቬቾ» ይላችኋል። ይስማማችሁ እንደማለት ነው። እማዬ ይህን ከሰማች በኋላ ላለፈ ላገደመው ሁሉ «እንብላ» ትል ጀመር። መልስም ታገኝ ነበር።

አንድ ቦታ ነገር ተበላሽቶ ነበር። ተጠይቆ የነበረው ሻጭ ያን ቀን አልመጣም፣ ሌላ ልጅ ነበር የተተካው። አስጎብኚዋ የእማዬን ከመስጠቷ በፊት ከቦሎቄው በጣቷ ቀመሰች። ፊቷ ተለወጠ። ስብ አለው። ሳህኑን መለሰች፣ ሂሳቡን ከፈለች፣ ልጁን አልተቆጣችም። ለእማዬ ግን ዓይን ዓይኗን እያየች ይቅርታ ጠየቀቻት። እኔ ተረጎምኩ። እማዬ «አይዞሽ ልጄ» ብላ ክንዷን ያዘቻት። ከዚያ በኋላ ሁለቱ ተቃቅፈው ነው የሄዱት። በየት ቋንቋ እንደተግባቡ አላውቅም።

ዝናቡ መጣ። አንድ የሸራ መጠለያ ሥር ገብተን ተጠጋጋን። በቆሎ የሚሸጡ ባልና ሚስት ናቸው። ፍሬውን በቅጠል ቀቅለው በብርጭቆ ይሰጣሉ፣ ኤስኪቴስ ይባላል። ለሰው ሁሉ ማዮኔዝና አይብ ይጨመርበታል፣ ለእማዬ ሎሚ፣ ጨውና ሚጥሚጣ መሰል ዱቄት ብቻ ተደረገላት። ከበቆሎው የሚወጣው እንፋሎት፣ ሸራው ላይ የሚንጣጣው ዝናብ፣ የከሰሉ ሽታ። እማዬ ብርጭቆውን በሁለት እጇ ይዛ ዓይኗን ጨፈነች። ምን እንደታያት አልጠየቅኳትም። ከርከዴም ጠጣን። እነሱም በጣም ይወዱታል።

ዝናቡ ሲያባራ ከሩቅ ረጅም ፉጨት ሰማን። እማዬ ባቡር መሰላት። የስኳር ድንች ጋሪ ነው። ጋሪው ላይ በእንጨት የሚነድ ምድጃ አለ፣ እንፋሎቱ ሲለቀቅ ነው የሚያፏጨው። ማታ ማታ ሰፈር ለሰፈር ይዞራል። አስጎብኚያችን ሰውየው እንዳያመልጠን በኩሬው መሐል ሮጠች። ስኳር ድንቹን ያለ ወተት አስመጣችልን። ጉዞው ሦስት ሰዓት ተኩል ገደማ ፈጀ፣ የእማዬ ጉልበት ግን ምንም አልሆነ። በየቦታው ኩርሲ ተዘጋጅቶላት ነበር። ይህንንም አስቀድማ ጠይቃኝ ነበር።

ሜክሲኮ ሲቲ የምትሄዱ ካላችሁ በውስጥ መስመር ጻፉልኝ፣ ስልኳን እሰጣችኋለሁ። እዚህ ያልጻፍኩት ሳታስፈቅጂኝ በይፋ አትጻፊው ስላለችኝ ነው። ብቻዋን ነው የምትሠራው፣ በአንድ ምሽት ከስድስት ሰው በላይ አትይዝም። ስለዚህ ቀደም ብላችሁ ያዙ። የማትበሉትን በዝርዝር ንገሯት፤ ጾም፣ አሳማ፣ አለርጂ፣ ምንም ይሁን። የሐላል ጉዳይ የሚያሳስባችሁ፣ እማዬ የበላችው ሁሉ ለናንተም ይሆናል። ቀን ላይ ብዙ አትብሉ። የዝናብ ልብስና ዝርዝር ሳንቲም ያዙ። ጉርሻም አትርሱ፣ ይገባታል።

ሐምሌ 5 ጠዋት ስልኬ ጮኸ። እሷ ናት። ጾሙ መቼ እንደሚፈታ ያን ምሽት ጠይቃ ማስታወሻዋ ላይ ጽፋው ነበር። «ዛሬ ነው አይደል? ዶኛ ምን በላች?» ይላል። ዶኛ ማለት ለትልቅ ሴት የሚሉት የአክብሮት መጠሪያ ነው። የዶሮ ወጡን ፎቶ አንስቼ ላክሁላት። እማዬ ከጎኔ ሆና «ወጡ ውስጥ ያለው በርበሬ የኛ ነው በያት» አለችኝ።