ወንድሜን ከእስር ላተረፈልን የደብረ ብርሃን ጠበቃ

ሰላም ለሁላችሁ። ይህን ምስጋና ሳልጽፍ የከረምኩት ወንድሜ ቅር እንዳይለው ብዬ ነበር። አሁን ራሱ ጻፊው አለኝ።

ወንድሜ በግ ነጋዴ ነበር፣ ከመንዝ እየሰበሰበ አዲስ አበባ ያወርዳል። አምና ለፋሲካ 32 በግ በ210 ሺህ ብር በዱቤ አነሳ። 12ቱ መኪና ላይ ታፍነው ሞቱ። የቀሩትን ከመግዣቸው በታች ሸጦ ያገኘውን ለባለገንዘቡ ሰጠ፣ 118 ሺህ ቀረበት። ባለገንዘቡ ከሰሰ፣ ተፈረደለት። ገንዘቡ ነው፣ አልፈርድበትም።

ከዚያ የአፈጻጸም መዝገብ፣ ማለትም ፍርዱ ይፈጸምልኝ የሚባልበት፣ ተከፈተ። አቤቱታው ላይ «ለመክፈል ፈቃደኛ ስላልሆነ ታስሮ እንዲከፍል ይታዘዝልን» ይላል። እናታችን ምስር እየለቀመች ነበር፤ ሳነብላት ሰፌዱን አስቀምጣ ነጠላዋን ፊቷ ላይ ሳበች። መጀመሪያ ያማከርነው ጠበቃ «ያላችሁን ሽጡና ክፈሉ፣ አለዚያ መታሰሩ ነው» ብሎ ሸኘን። ምን ቀርቶን?

ወደዚህኛው የመራችን ጎረቤታችን ናት። ገና ከመቀመጣችን ወንድሜን «ያሸሸኸው ነገር አለ? በእህትህ ስም፣ በሚስትህ ስም፣ ቴሌብር ላይ? እያለህ ደብቀህ ከሆነ እኔ አልቆምልህም» አለው። ደነገጥኩ፣ ትንሽም ተቀየምኩ። ነገሩ ሁሉ የተንጠለጠለው እዚያች ጥያቄ ላይ መሆኑ የገባኝ በኋላ ነው።

እንዲህ አስረዳን። የ1958ቱ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ የፍርድ ባለዕዳን፣ ማለትም ክፈል ተብሎ የተፈረደበትን፣ ማሰር ይፈቅዳል፣ ግን መክፈያ እያለው አልከፍልም ያለውን ነው። ኢትዮጵያ በ1985 የተቀበለችው ዓለም አቀፉ የሲቪልና የፖለቲካ መብቶች ቃል ኪዳን ደግሞ በአንቀጽ 11 ማንም ሰው የውል ግዴታውን መወጣት ስላልቻለ ብቻ አይታሰርም ይላል፣ በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 9(4) መሠረት ይሄ የአገሪቱ ሕግ አካል ነው። ስለዚህ ይታሰርልኝ የሚል ሰው መጀመሪያ ባለዕዳው መክፈል እንደሚችል ያሳይ፣ ፍርድ ቤቱም ከማዘዙ በፊት ያጣራ አለ።

ይህን ተናግሮም ቁጭ አላለም። የአንድ ዓመት የባንክ እንቅስቃሴ፣ የንግድ ፈቃድ የመለሰበትን ወረቀት፣ ቤትና ቦታ እንደሌለው የሚገልጽ የቀበሌ ደብዳቤ፣ አሁን በጥበቃ ተቀጥሮ የሚያገኘውን የ6 ሺህ ብር ደመወዝ ማስረጃ፣ ሁሉንም በአንድ ሳምንት አሰበሰበን። ችሎት ላይ ወንድሜን አስምለው ጠየቁት። የበጎቹ ገንዘብ የት ገባ ሲባል ከኮቱ ኪስ የተጣጠፈች ደብተር አወጣ። ቀን በቀን በእርሳስ የጻፈባት ናት። ጫጫ 3፣ ሸኖ 5፣ ሰንዳፋ 4 ሞተ ይላል። ዳኛዋ ደብተሯን ተቀብለው ገጽ በገጽ አገላበጧት። እኔ ከኋላ ተቀምጬ እጄን አፌ ላይ ጭኜ ነበር።

የእስሩ ጥያቄ ውድቅ ሆነ። ዕዳው አልተሰረዘም፣ ከደመወዙ ሲሶው፣ 2 ሺህ ብር፣ በየወሩ ተቆርጦ ለባለገንዘቡ እንዲገባ ታዘዘ። ለባለገንዘቡ ረጅም ጊዜ ነው፣ አውቃለሁ፣ እኔም ባገኘሁ ቁጥር እጨምርበታለሁ። ቢታሰር ኖሮ ግን ያቺ 2 ሺህም አትመጣም፣ ልጆቹም ጾማቸውን ያድሩ ነበር።

ወንድማችን ጠበቃው፣ እግዚአብሔር ይስጥልን። ክፍያህን በሁለት ጊዜ ስለተቀበልከን፣ ከሁሉ በላይ ደግሞ እናቴ በደወለች ቁጥር «እማማ፣ አይዞዎት» ብለህ አንድ በአንድ ስላስረዳሃት።

የዕዳና የአፈጻጸም ጉዳይ ያላችሁ፣ ይሄን ሰው አማክሩት። ስሜን አደባባይ አታውጪው ስላለኝ በውስጥ ጻፉልኝ፣ ስልኩን እሰጣችኋለሁ። ስትሄዱ መጥሪያውንና የፍርዱን ግልባጭ ያዙ። ቀጠሮ ደግሞ በፍጹም እንዳትቀሩ፣ እኛ አንዱን ቀርተን ብዙ ዋጋ ልንከፍል ነበር። የደበቃችሁት ካለ ግን ገና በር ላይ ሳላችሁ ይጠይቃችኋል።