የፓስታው አምላክ እና የምድጃው አምላክ

ሁለቱም ከማድ ቤት የወጡ ናቸው። በራሪው የስፓጌቲ ጭራቅ ገና ልጅ ነው። እ.ኤ.አ. በ2005 አሜሪካዊው ቦቢ ሄንደርሰን ለካንሳስ የትምህርት ቦርድ በጻፈው የተቃውሞ ደብዳቤ ተወለደ። ቀልድ ነው፣ ግን ቁም ነገር አለው፦ «ፍጥረት ንድፍ አውጪ አለው» የሚለው ሐሳብ ሳይንስ ክፍል ከገባ የእኔም ፓስታ ይግባ ነው ነገሩ። ተከታዮቹ የፓስታ ማጥለያ ራሳቸው ላይ ይደፋሉ።

ቻይናዊው የምድጃ አምላክ ዛኦ ጁን ግን የምር ይመለካል። ምስሉ ከምድጃው በላይ ተለጥፎ ዓመቱን ሙሉ የቤቱን ጉድ ያያል። የቻይና አዲስ ዓመት ሊገባ ሳምንት ያህል ሲቀረው ለሰማዩ ንጉሥ ሪፖርት ሊያደርግ ይሄዳል። ታዲያ ቤተሰቡ አፉን ማር ይቀባዋል፣ ጣፋጭ ጣፋጩን ብቻ እንዲያወራ! ከዚያ ምስሉ ይቃጠላል፤ ከጭሱ ጋር ያርጋል።

ለሳቅ ከሆነ ፓስታውን። ለወግ ግን እኔ ማር የተቀባውን እመርጣለሁ፤ ማጥለያ ምንም ምስጢር አይደብቅም።